የአየር ጭነት ሙያዊ ቃላት በአማርኛ፤ በአሰያየማቸው ላይ የቀረበ ሒስ

አንድ ሙያ ከውጭ አገር ሲገባ ቃላቱ በሦስት መንገድ ይገባሉ። አንዳንዶቹ እንዳሉ ይወሰዳሉ፤ አንዳንዶቹ በአዲስ ቃል ይተረጐማሉ፤ ለቀሩት ደግሞ በቋንቋው ውስጥ ቀድሞ የነበረ ቃል ተስቦ አዲሱን ፅንሰ ሐሳብ እንዲሸከም ይደረጋል። ከሦስቱ ብዙ ጊዜ የሚመሰገነው ሦስተኛው ነው፤ ቃሉ የአገር ስለ ሆነ ጆሮን አይጐረብጥምና። ነገር ግን ያው አንድ ቃል አምስትና ስድስት ፅንሰ ሐሳቦችን እንዲሸከም ሲደረግ ትርጉሙ ቀለለ እንጂ ተሠራ ሊባል አይችልም። በዚህ ጽሑፍ የምንተቸው ይህን ልማድ ነው፤ ምሳሌዎቻችንንም የምንወስደው ከአየር ጭነት ማጓጓዝ ሙያ ነው።

መስኩን የመረጥነው ያለ ምክንያት አይደለም። የኢትዮጵያ አየር መንገድ በ1938 ዓ.ም. ተቋቁሞ በዚያው ዓመት ወደ ካይሮ መብረር ከጀመረ ወዲህ አማርኛ ለአቪዬሽን ሙያ ያማሩ ስያሜዎችን አግኝቷል። «አብራሪ» እና «ማረፊያ» ከቋንቋው ሥር የበቀሉ፣ ዛሬ ማንም ሳያቅማማ የሚናገራቸው ናቸው። እነዚህ ግን በአመዛኙ የመንገደኛው ቃላት ናቸው። የጭነቱ ሥራ በስፋት ያደገው ከዚያ ዘግይቶ ነው። በ2009 ዓ.ም. በቦሌ የተመረቀው ሁለተኛው የጭነት ተርሚናል ከቀድሞው ጋር ተደምሮ በዓመት 1 ሚሊዮን ቶን ያህል የማስተናገድ አቅም እንዳለው ተገልጿል። በዚህም ምክንያት አበባ አምራቹ፣ የባንክ ሠራተኛው፣ የኢንሹራንስ ወኪሉ፣ ጠበቃውና ጋዜጠኛው ስለዚህ ሥራ በአማርኛ መጻፍና መናገር ግድ ሆኖባቸዋል። ኀላፊነት፣ ገንዘብና ቆጠራ በሚለያዩበት ቦታ ቃሉ ካልተለየ የሚጐዳው የቋንቋው ውበት ብቻ ሳይሆን የባለንብረቱ ጥቅም ጭምር ነው።

1. «ማዕከል»

በእንግሊዝኛ «ሀብ» የሚባለው ቃል በመጀመሪያ ትርጉሙ የመንኰራኵር ዘንጎች የሚገናኙበት መካከለኛ ክፍል ነው። በአየር ጭነት ሙያ ፅንሰ ሐሳቡ ጐልቶ የታየው እ.ኤ.አ. ሚያዝያ 17 ቀን 1973 ሌሊት ነው። በዚያ ሌሊት ፌዴራል ኤክስፕረስ የተባለው የአሜሪካ ኩባንያ ሜምፊስን መነሻ አድርጎ በ14 ትንንሽ አውሮፕላኖች 186 ጥቅሎችን ወደ 25 ከተሞች አደረሰ። የአሠራሩ ምስጢር አንድ ጥቅል ወደ ጐረቤት ከተማ እንኳ የሚሄድ ቢሆን በሜምፊስ በኩል ማለፉ ነው። አውሮፕላኖቹ በተቀራራቢ ሰዓት ይገናኛሉ፤ ያራግፋሉ፤ ጥቅሉ እንደ መድረሻው ይለያል፤ እንደገና ጭነው ይለያያሉ። ዲ ኤች ኤል እ.ኤ.አ. በ2008 የአውሮፓ ዋና ሥራውን ከብራስልስ ወደ ላይፕዚግ ያዛወረው ይህንኑ አሠራር ይዞ ነው። አዲስ አበባም ከእስያና ከአውሮፓ የሚመጣ ጭነት ወደ አፍሪካ ከተሞች የሚከፋፈልባት ቦታ ናት። በእነዚህ ሁሉ ቦታዎች የፅንሰ ሐሳቡ ዋና ባሕርይ አንድ ነው፤ ዕቃው የሚመጣው ለመቆየት ሳይሆን ለማለፍ ነው።

ጋዜጦቻችንና ተርጓሚዎቻችን ለዚህ ነገር የሚሰጡት ስያሜ «ማዕከል» ነው። በግእዙ ቃሉ «መካከል» ማለት ስለ ሆነ ምርጫው ከሥርወ ቃሉ አንጻር አያስነቅፍም። የዛሬው አማርኛ ግን ቃሉን ወደ ሌላ ቦታ ወስዶታል። የጤና ማዕከል፣ የሥልጠና ማዕከል፣ የመረጃ ማዕከል፣ የገበያ ማዕከል ስንል ባለጉዳዩ ደርሶ ጉዳዩን የሚፈጽምበትን ተቋም ማለታችን ነው። ስለዚህ «የጭነት ማዕከል» የሚለውን የሚሰማ ሰው የሚያስበው ጭነት የሚከማችበትን ወይም የሚሸጥበትን ቦታ ነው። ጕዳቱ በዚህ አያበቃም፤ ተርሚናሉም፣ ቀዝቃዛው መጋዘንም፣ የመለያው አዳራሽም፣ አውሮፕላን ማረፊያውም በአጠቃላይ በአንድነት «ማዕከል» እየተባሉ ነው።

ይህ ድብልቅልቅ በቆጠራ ላይ ምን እንደሚያስከትል በአንድ ምሳሌ እናሳይ። አንድ ቶን ዕቃ ከጓንጁ ተነሥቶ በቦሌ በኩል ወደ ሌጎስ ቢሄድ፣ በአውሮፕላን ማረፊያው ቆጠራ አንድ ጊዜ ሲራገፍ፣ አንድ ጊዜ ሲጫን ይመዘገባልና ሁለት ቶን ይሆናል። በአገሪቱ የወጪና ገቢ ንግድ መዝገብ ግን ከቶ አይታይም። ከሆለታ ወደ ሊዬዥ የሚሄድ አንድ ቶን ጽጌረዳ በሁለቱም መዝገብ አንድ ቶን ነው። «በማዕከሉ ይህን ያህል ጭነት ተስተናገደ» ብሎ የሚጽፍ ሰው ለአንባቢው ከሁለቱ የትኛውን እንደ ነገረው አይታወቅም። አንባቢውም የማረፊያውን መጨናነቅ የአገር ምርት ብዛት አድርጎ ይወስደዋል።

ታዲያ በምን ይተካ? «ሀብ» ብሎ መውሰድ አንድ አማራጭ ነው፤ ነገር ግን «ሀብት» ተቆርጦ የቀረ ከመምሰሉም በላይ የሚረባባ ዘር የለውም። «እምብርት» የመንኰራኵሩን ምስል ይጠብቃል፤ ይሁንና የሚያሳየው ቦታን ብቻ ነው፤ የሚሠራውን ሥራ አያሳይም። «መናኸሪያ» ከአውቶቡስ ጕዞ ስለሚታወቅ የተሻለ ነው፤ ግን «የንግድ መናኸሪያ» እና «የወንበዴ መናኸሪያ» እንደምንል፣ ፍካሬው መሰብሰብን እንጂ ማለፍን አያጐላም። በእኛ አስተያየት የሚሻለው «መሸጋገሪያ» ነው። ወንዝ የሚሸጋገር ሰው ከአንዱ ዳር ወደ ሌላው የሚያልፍ እንጂ በውኃው መካከል የሚሰፍር አይደለም። ቃሉም ርባታ አለው፤ በመሸጋገሪያው የሚያልፈው «ተሸጋጋሪ ጭነት»፣ ሥራው «ማሸጋገር» ይባላል። አሁን አንዳንድ ጊዜ የሚታየው «ተላላፊ ጭነት» ግን መቅረት ይገባዋል፤ «ተላላፊ» በዛሬው አማርኛ ከሁሉ አስቀድሞ የሚያስታውሰው በሽታን ነውና።

ተቃውሞ እንደሚኖር እናውቃለን። «ሽግግር» ከ1983 ዓ.ም. ወዲህ የፖለቲካ ቃል ሆኗል የሚል አይጠፋም። ቢሆንም የተጠቃው የድርጊቱ ስም ነው፤ የቦታው ስም «መሸጋገሪያ» ጥንታዊ ትርጉሙን እንደ ያዘ ነው። ደግሞም ቃሉ የመለየት ጥቅም አለው። በአንኮሬጅ፣ አላስካ፣ በእስያና በሰሜን አሜሪካ መካከል የሚመላለሱ የጭነት አውሮፕላኖች በአብዛኛው የሚያርፉት ነዳጅ ለመቅዳት ነው። ጭነቱ ከአውሮፕላኑ ሳይወርድ ከቀጠለ ያ ቦታ ለዚያ ጭነት የነዳጅ ማረፊያ እንጂ መሸጋገሪያ አይባልም። «ማዕከል» ሁለቱን መለየት አይችልም።

2. «ዕቃ»፣ «ጓዝ»፣ «ጭነት»

እ.ኤ.አ. የ1999ኙ የሞንትሪያል ስምምነት መንገደኛው ይዞት የሚሄደውንና በማጓጓዣ ውል የሚላከውን ለይቶ ይመለከታል። የተጐዳ ነገር የተረከበ ሰው አቤቱታውን በጽሑፍ የሚያቀርብበት ጊዜ ለመጀመሪያው 7 ቀን፣ ለሁለተኛው 14 ቀን ነው። የካሣው ጣሪያም ለመጀመሪያው በመንገደኛ፣ ለሁለተኛው በኪሎ ግራም ይሰላል። ተርጓሚው ሁለቱንም «ዕቃ» ብሎ ካለፈ፣ አንባቢው ቀኑን በየትኛው መቍጠር እንዳለበት አያውቅም።

ይህ ጥፋት በተለይ የሚያሳዝነው አማርኛ ልዩነቱን ከሲራራ ነጋዴ ዘመን ጀምሮ የሚያውቀው በመሆኑ ነው። መንገደኛው ለራሱ የሚይዘው ምንጣፉ፣ ድስቱና ልብሱ «ጓዝ» ነው፤ ለንግድ በአጋሰስ ላይ የሚጫነው «ጭነት» ነው። «ዕቃ» ሁለቱንም የሚጠቀልል ጠቅላላ ስም ነው። «ጓዝ» ለዛሬ ተናጋሪ የቤት ዕቃን ማዛወር ሊያስታውስ ይችላል፤ ይሁን እንጂ «ሻንጣ» ከማለት ይሻላል፤ ሻንጣ መያዣ እንጂ የመብት ዓይነት አይደለምና።

3. «ላኪ»

«ላኪና አስመጪ» ከሚለው የንግድ አነጋገር የተነሣ «ላኪ» ምርቱን ወደ ውጭ የሚሸጥ ነጋዴ ማለት ሆኗል። በአየር ጭነት ሰነድ ላይ ያለው «ላኪ» ግን ከአጓጓዡ ጋር የተዋዋለው ወገን ነው። እነዚህ ሁለቱ ሁልጊዜ አንድ ሰው አይደሉም። ዕቃ አስተላላፊው የብዙ ነጋዴዎችን ጭነት አንድ ላይ አድርጎ ሲልክ፣ አየር መንገዱ በሚያወጣው ሰነድ ላይ ላኪ ሆኖ የሚጻፈው አስተላላፊው ራሱ ነው። የነጋዴው ስም የሚገኘው አስተላላፊው ለየነጋዴው በሚሰጠው ሌላ ሰነድ ላይ ነው። ጭነቱ በመሸጋገሪያ ላይ ቢጠፋ ነጋዴው ሊከራከር የሚችለው ከማን ጋር እንደ ሆነ የሚወስነው ይህ ልዩነት ነው።

ስለዚህ «ላኪ» ለሻጩ ነጋዴ ይቅር፤ ከአጓጓዡ ጋር የሚዋዋለው «አስጫኝ» ይባል። በሌላው ጫፍ ያለውን ደግሞ «ተቀባይ» ከማለት «ተረካቢ» ማለት ይሻላል፤ መረከብ ቆጥሮና ፈርሞ መውሰድን ያመለክታልና። ሁለቱን ሰነዶች በተመለከተ፣ እንግሊዝኛውን ቃል በቃል ተከትሎ «የቤት ሰነድ» የሚል ሰው የቤት ባለቤትነት ማስረጃ የያዘ ያስመስላል። አየር መንገዱ የሚሰጠው «አውራ ሰነድ»፣ አስተላላፊው የሚሰጠው «ንዑስ ሰነድ» ቢባል «አውራ ጐዳና» የሚል ሁሉ ይረዳዋል።

4. «የአየር መንገድ ሰነድ»

«ኤርዌይ ቢል» የሚባለውን ቃል በቃል «የአየር መንገድ ሰነድ» ብሎ መተርጐም ሁለት ስሕተት አለበት። አንደኛ፣ «አየር መንገድ» በአማርኛ የድርጅት ስም ስለ ሆነ ሰነዱ የኩባንያው የውስጥ ወረቀት ይመስላል። ሁለተኛውና ከባዱ፣ የባሕሩም የአየሩም ሰነድ በአንድ ስም «የጭነት ሰነድ» ሲባሉ የሕግ ኀይላቸው ይምታታል። ቡና በጅቡቲ በኩል በመርከብ ሲላክ ለትእዛዝ የተጻፈውን የባሕር ጭነት ሰነድ የያዘ ሰው ጭነቱን የመረከብ መብት በእጁ ነው፤ ሰነዱን በማስተላለፍም መብቱን ሊያስተላልፍ ይችላል። አበባ በአውሮፕላን ሲላክ ግን ሰነዱ የውልና የርክክብ ማስረጃ ነው፤ የማይተላለፍ መሆኑም በላዩ ታትሟል። ጭነቱ የሚሰጠው በስሙ ለተጻፈው ተረካቢ ነው። ብድር የሰጡ ባንኮች ራሳቸው ተረካቢ ሆነው እንዲጻፉ የሚጠይቁትም ስለዚህ ነው። «የአየር ጭነት ሰነድ» እና «የባሕር ጭነት ሰነድ» ተብለው ዘወትር ከነቅጽላቸው ቢጻፉ ችግሩ ይቃለላል።

5. «ክብደት»

የአየር ጭነት ዋጋ የሚተመነው በሚዛን ክብደት ብቻ አይደለም። በተለመደው ስሌት የዕቃው ይዘት በኩብ ሴንቲ ሜትር ተለክቶ ለ6,000 ይካፈላል፤ ውጤቱ ከሚዛኑ ከበለጠ ዋጋው በእርሱ ይታሰባል። ርዝመቱ 100፣ ወርዱ 60፣ ቁመቱ 40 ሴንቲ ሜትር የሆነ ካርቶን በሚዛን 25 ኪሎ ቢሆን የሚከፈልበት በ40 ኪሎ ነው። በዋጋ ሠንጠረዥ ላይ «ክብደት» ብቻ ተብሎ ሲተረጐም ገበሬው የተጭበረበረ ይመስለዋል። «የሚዛን ክብደት»፣ «የይዘት ክብደት» እና «የሚከፈልበት ክብደት» ተብለው ይለዩ።

ስለ ውሰት ቃላት

ከላይ የተባለው ሁሉ የውሰት ቃል ይጥፋ ማለት አይደለም። ጭነት የሚደረደርበትን ጠፍጣፋ ብረት ሠራተኛው «ፓሌት» ይለዋል፤ አንድ ቃል ለአንድ ነገር ስለ ሆነ የሚያሳስት ነገር የለውም፤ ይቆይ። «ሎጂስቲክስ»ም በመንግሥት ድርጅት ስም ውስጥ ገብቶ ጸንቷል፤ የጦር ሠራዊቱ «ስንቅና ትጥቅ» ሊተካው አይችልም። በአንጻሩ ክትባትና አበባ ከመነሻ እስከ መድረሻ ሙቀታቸው ተጠብቆ የሚጓዙበትን ሥርዐት «ቀዝቃዛ ሰንሰለት» ማለት የአገር ቃል ቢሆንም ስሕተት ነው፤ የቀዘቀዘውን ብረት ያደርገዋል። «የቅዝቃዜ ሰንሰለት» ሲባል አገናዛቢው ትርጉሙን ያቀናዋል። የተሳካ ትርጉም ምን እንደሚመስል ለማየት «ደረቅ ወደብ»ን መመልከት ይበቃል። የሞጆን ስም የሚያነሣ ሁሉ ይናገረዋል፤ ምክንያቱም የታወቀውን ነገር ጠርቶ፣ ልዩነቱን በአንድ ቅጽል ያስረዳል።

ያቀረብናቸው ስያሜዎች በአጭሩ የሚከተሉት ናቸው፦

መሸጋገሪያ — ጭነት ከበረራ ወደ በረራ የሚዛወርበት ቦታ፤
ተሸጋጋሪ ጭነት — ከአንድ በረራ ወርዶ በሌላ በረራ ወደ ሌላ አገር የሚቀጥል ጭነት፤
አስጫኝ — ከአጓጓዡ ጋር የማጓጓዣ ውል የሚዋዋል፤
ተረካቢ — ጭነቱን በስሙ ቆጥሮና ፈርሞ የሚወስድ፤
አውራ ሰነድ፣ ንዑስ ሰነድ — በአየር መንገዱና በአስተላላፊው በየደረጃው የሚሰጡ ሰነዶች፤
የሚከፈልበት ክብደት — ከሚዛንና ከይዘት ክብደት የበለጠው።

እነዚህ ለውይይት የቀረቡ እንጂ የተደነገጉ አይደሉም። ከእነርሱ የተሻለ ቃል ያለው አንባቢ ቢያቀርብ ደስ ይለናል። ሲያቀርብ ግን ቃሉ ውብ መሆኑን ብቻ ሳይሆን ከጐኑ ካለው ፅንሰ ሐሳብ የሚለይ መሆኑን እንዲያሳይ እንጠይቃለን። ቃሉም በመዝገበ ቃላት ከመጻፉ በፊት በጭነት መጋዘኑ፣ በጉምሩክ መስኮቱና በባንኩ ጠረጴዛ ቢፈተን መልካም ነው።