የፌስቡክ ለቅሶ እና የመርሳ ቅሬ

አክስቴ መርሳ ስታርፍ እኔ አዲስ አበባ ነበርኩ። አውቶቡስ ከመሳፈሬ በፊት ፌስቡክ ላይ ጻፍኩ። በቅርቡ ደግሜ ሳነበው ደካማ ጽሑፍ ሆኖ አገኘሁት። ስለ ራሴ ያልሆነው ዓረፍተ ነገር አንድ ብቻ ነው፤ እሱም ያረፈችበትን ቀን የሚናገረው። ፎቶውም አብረን የተነሳነው ነው፤ እኔ በደንብ የወጣሁበት።

የፌስቡክ ለቅሶ ራሱን የቻለ የአጻጻፍ ዘርፍ ሆኗል። ደንብ አለው፦ የሻማ ምስል፣ «ቃላት አጠረኝ»፣ ከዚያ ረጅም አንቀጽ። ውሸት ነው አልልም፤ እኔ የምር እያለቀስኩ ነው የጻፍኩት። ግን ገጹ የሟች አይደለም፣ የባለ ገጹ ነው። አንዱ አስተያየት ሰጪ የአክስቴን የሙስሊም ስምና የእኔን የክርስቲያን ስም አይቶ «ቆይ፣ አንተ ምንድን ነህ?» አለኝ። ሀብሩም ሆነ ወልዲያ ለቅሶ ቤት ይሄ አይጠየቅም። አንድ ቤተሰብ ውስጥ ሁለቱም አሉ፤ በብዙ ቦታ ቅሬውም የጋራ ነው። እኔ ግን ለማላውቀው ሰው መልስ ስጽፍና ስሰርዝ አመሸሁ።

ቅሬን ቅዱስ ላደርገው አይደለም። እሱም ይቆጥራል እኮ! የቀረ ይቀጣል፤ ሐሜቱ ደግሞ ከቅጣቱ ይብሳል። የሚቆጥረው ግን መምጣትህን ነው። መጥተህ ድንኳን ከተከልክ፣ ከዚያ ዝም ብለህ ከተቀመጥክ በቃ፣ አለህ። ፌስቡክ ላይ ዝም ያለ የለም።

ከነሐሴ 2013 እስከ ታኅሣሥ 2014 ወልዲያና አካባቢዋ በጦርነቱ ተይዘው ስልክ ሲቋረጥ፣ እኛ ውጭ ያለነው የፕሮፋይል ፎቶ ቀየርን፤ ጻፍን፤ ተሰዳደብንም። እዚያ ያሉት ሰው ይቀብሩ ነበር። አንዱንም ጽሑፋችንን አላነበቡም። በ2015 ክረምት የክልሉ የሞባይል ኢንተርኔት ሲዘጋም እንደዚያው። ታዲያ ለማን ነበር የምንጽፈው?

ስልኩን ጥፋተኛ እንዳላደርግ የምትከለክለኝ የአክስቴ ልጅ ናት። ጅዳ ሰው ቤት ትሠራለች፤ መምጣት አልቻለችም። በኢሞ ድምፅ ላከች፤ ለቅሶ እንጂ ቃል የለበትም ማለት ይቻላል። እኔ በሦስተኛው ቀን መርሳ ስደርስ ድንኳኑ ውስጥ ያሰሙታል፤ ሴቶቹ ተቀብለዋት ያለቅሳሉ። እንደ ጽሑፍ ብንመዝነው ከእኔው ይበልጣል፤ የተላከው ለዚያ ቤት ብቻ ነው፣ ስለ ላኪዋ ማንነትም ምንም አያስረዳም።

ሲያልቅ እናቴ ስልኩን አቀበለችኝ። «እስቲ እንደገና ክፈተው፣ ልጄ» አለችኝ።