ወሲባዊ አብዮትና ገደቦቹ፦ ከጦርነቱ በኋላ በነበረችው ጀርመን

የታሪክ ምሁሯ ዳግማር ሄርዞግ እ.ኤ.አ. በ2005 በእንግሊዝኛ ያሳተሙት «ወሲብ ከፋሺዝም በኋላ» የተሰኘ መጽሐፍ ለረጅም ጊዜ የቆየ አንድ አስተሳሰብን ይሞግታል። በ1960ዎቹ መጨረሻ የተነሣው የምዕራብ ጀርመን የተማሪዎች ትውልድ ናዚዝምን ወሲብን የጨቆነ ሥርዓት፣ የወላጆቹን ጥብቅ ሥነ ምግባርም የዚያ ቅሪት አድርጎ ይመለከት ነበር። ሄርዞግ ግን ናዚዎች «ንጹሕ ዘር» ላሏቸው ዜጎች ከጋብቻ ውጭ የሚደረግን ግንኙነት ጭምር ያበረታቱ እንደነበር ያሳያሉ። በአንጻሩ በ1933 በወጣው ሕግ መሠረት 400,000 ያህል ሰዎች በሐኪሞች እጅ እንዲመክኑ ተደርገዋል። የ1950ዎቹ ወግ አጥባቂነት በከፊል ከዚህ ያለፈ ታሪክ ለመራቅ የተደረገ ጥረት ነበር ይላሉ።

የመጽሐፉ ጥንካሬ መፍቀድና መጨቆን በአንድ ሥርዓት ውስጥ ጎን ለጎን ሊኖሩ እንደሚችሉ ማስረዳቱ ነው። ከጦርነቱ በኋላ የነበሩት ሕጎችም ይህንኑ ይመሰክራሉ። በወንዶች መካከል የሚደረግን ግንኙነት የሚቀጣው አንቀጽ 175፣ ናዚዎች በ1935 እንዳጠበቁት እስከ 1969 በምዕራብ ጀርመን ጸንቶ ቆይቶ 50,000 ያህል ሰዎችን አስቀጥቷል፤ ሙሉ በሙሉ የተሻረውም በ1994 ነው። ምሥራቅ ጀርመን በ1972 በመጀመሪያዎቹ 12 ሳምንታት ፅንስ የማቋረጥን ውሳኔ ለሴቷ ስትተው፣ በምዕራብ በ1974 የወጣውን ተመሳሳይ ሕግ የሕገ መንግሥት ፍርድ ቤት በ1975 ሽሮታል። በጋብቻ ውስጥ የሚፈጸም አስገድዶ መድፈር በተባበረችው ጀርመን በወንጀልነት የተደነገገው በ1997 ነበር።

የመጽሐፉ ሚዛን ግን ስለ ወሲብ በተጻፈውና በተነገረው ላይ ያደላል። በሐኪም ክፍል ውስጥ የሆነው ከዚያ ያነሰ ስፍራ አግኝቷል። ሼሪንግ የተባለው ኩባንያ በ1961 የወሊድ መከላከያ እንክብል ለምዕራብ ጀርመን ገበያ ሲያቀርብ ብዙ ሐኪሞች መጀመሪያ ላይ የሚያዝዙት ላገቡ ሴቶች ብቻ ነበር። ያላገባች ወጣት ከአብዮቱ የምትካፈለው በሐኪሟ በጎ ፈቃድ ነበር ማለት ነው። መድኃኒቱ ተገኘ ማለት ለሁሉም ደረሰ ማለት አልነበረም። ይህ ጉዳይ በስፋት ቢተነተን ኖሮ የመጽሐፉ ክርክር ይበልጥ ይጠናከር ነበር።

ያም ሆኖ ሥራው ለጤና ባለሙያ መነበብ የሚገባው ነው። የሕክምና ውሳኔ የት ያበቃል? የባለሙያው የግል የሥነ ምግባር ፍርድስ የት ይጀምራል? የጀርመን ተሞክሮ እነዚህን ጥያቄዎች አንባቢው ሊያልፋቸው በማይችል መልኩ ያነሣል።