አን ቪያዜምስኪ፤ ከፊልም ወደ ድርሰት

ብዙ የፊልም ተዋንያን ወደ ድርሰት ሲሻገሩ፥ በሲኒማ ያገኙትን ዝና ለመጽሐፋቸው ገበያ ማድረጋቸው የታወቀ ነው። ፈረንሳዊቷ አን ቪያዜምስኪ ግን ከእነዚያ ወገን የምትቈጠር አይደለችም፤ ይልቁንም በፊልም ያልተናገረችውን በመጽሐፍ የተናገረች ደራሲት ናት እንላለን።

በ1947 (ዘመኑ ሁሉ እንደ ኤውሮፓ አቈጣጠር ነው) በበርሊን ተወለደች። አባቷ ከሩስያ የተሰደዱ መሳፍንት ዘር ሲሆን፥ የእናቷ አባት በ1952 በሥነ ጽሑፍ የኖቤልን ሽልማት የተቀበለው ፍራንሷ ሞርያክ ነው። ገና በ18 ዓመቷ ሮበር ብሬሶን በ1966 ለታየው «ኦ አዛር ባልታዛር» ለተባለው ፊልሙ መረጣት። የፊልሙ ዋና ባለታሪክ አህያ ነው ስንል አንባቢያችን እንዳይስቅብን እንለምናለን፤ እንስሳው ከጌታ ወደ ጌታ እየተላለፈ ሲጫንና ሲደበደብ፥ በመጨረሻም በበጎች መካከል ሲሞት ያየ ሰው የሚስቅ አይመስለንምና። አን አህያውን የምትወደውን ማሪን ሆና ትታያለች። ብሬሶን በሙያው የሠለጠኑ ተዋንያንን ትቶ ተራ ሰዎችን ይመርጥ ነበር፤ አንዱን ነገር ብዙ ጊዜ እያስደጋገመም ስሜት ከፊታቸውና ከድምፃቸው እስኪጠፋ ድረስ ያሠራቸው ነበር። ስለዚህ ማሪ መከራ ሲደርስባት በፊቷ ላይ የምናየው ዝምታን ነው።

ከዚያም በ1967 በዣን ሉክ ጎዳር «ላ ሺንዋዝ» ሠራች፤ በዚያው ዓመትም አገባችው። በ1968 ደግሞ በኢጣልያዊው ፓዞሊኒ «ቴዎሬማ» ታየች። የአጫጭር ታሪኮች መድበሏ በ1988 ታተመ፤ በ1998 ስለ አባቷ ወገኖችና ስለ ሩስያ አብዮት የጻፈችው ልብ ወለድ የፈረንሳይን አካዳሚ ሽልማት አስገኘላት።

የእኛ ነገር ግን በ2007 ስለ ወጣው «ዠን ፊይ»፥ ማለት «ልጃገረድ» ስለ ተባለው መጽሐፍ ነው። ይህ መጽሐፍ የ«ባልታዛር»ን አሠራር ይተርካል። ልብ ወለድ ተብሎ ታተመ፤ የሰዎቹ ስም ግን እውነተኛ ስማቸው ነው። ብሬሶን በ1999 ስለ ሞተ መልስ ሊሰጥ አይችልም፤ ከ40 ዓመት በፊት የተነገረ ንግግርም ቃል በቃል እንደማይታወስ ግልጽ ነው። ይህ ነቀፋ ቀላል አይደለም። ቢሆንም ደራሲዋ እንደ ከሳሽ አልቆመችም። ሽማግሌው ሊስማት እንደ ሞከረ፥ እርሷም እንደ ሸሸችው ትጽፋለች፤ በእርሱ በመመረጧ ኩራት እንደ ተሰማትም አልደበቀችም። በፊቷ ላይ ምንም እንዳይነበብ የታዘዘችው ልጅ፥ የጌታዋን ፊት በጥንቃቄ ታነብ እንደ ነበረች የተረዳነው ከዚህ መጽሐፍ ነው። ስለዚህ ልብ ወለድ የሚለውን ስም መሸሸጊያ አድርጋዋለች አንልም።

ከጎዳር ጋራ ስላሳለፈችው ኑሮ በ2012 እና በ2015 ያወጣቻቸው ሁለት መጻሕፍት ግን እንደዚህኛው አላረኩንም። ጎዳር ያን ጊዜ በሕይወት ስለ ነበረ የቀደመው ነቀፋ አይነካቸውም፤ ነገር ግን የታወቁ ሰዎች ስም ስለ በዛባቸው፥ የ1968 የፓሪስ ሁከት ሲተረክ እንኳ ልጅቷ ራሷ ከዓይናችን ትጠፋለች። ከሁለተኛው መጽሐፍ የተወሰደው ፊልም በ2017 ታየ፤ እርሷም በዚያው ዓመት በጥቅምት ወር በፓሪስ ዐረፈች። መጽሐፎቿን ለማንበብ የሚሻ ሰው አስቀድሞ «ባልታዛር»ን ቢያይ፥ ከዚያም በ«ልጃገረድ» ቢጀምር እንወዳለን።