ከፋይሉ በፊት የነበረው፦ አሊ ቢራን በከፍተኛ ጥራት መስማት

ሲዲ ድምፅን በሰከንድ 44,100 ጊዜ በ16 ቢት ይለካል። ባለከፍተኛ ጥራት የሚባለው ፋይል ደግሞ ብዙውን ጊዜ 96,000 ጊዜ በ24 ቢት ነው። ልዩነቱ እውነተኛ ነው፤ ለአድማጭ የሚጨምረው ግን ከሚወራለት በእጅጉ ያንሳል ባይ ነኝ። የአንድ ቅጂ ዕጣ የሚወሰነው ፋይሉ ከመፈጠሩ በፊት ነውና።

24 ቢት በስሌት 144 ዴሲቤል ገደማ ይይዛል፤ 16 ቢት 96። በድሬዳዋው ሳቢያን ሰፈር ውስጥ ግን ሙቀቱ ከሠላሳ ዲግሪ ሲያልፍ ቬንትሌተር የሚያጠፋ የለም፤ በተከፈተው መስኮት የባጃጁ ድምፅ ይገባል። በዚህ ሁሉ ሥር የተዋጠን ስስ ድምፅ የትኛውም ፋይል አያወጣውም። ንጽጽሩ ትርጉም የሚኖረው ሌሊት፣ ባለገመድ ማዳመጫ ጆሮ ላይ አድርጎ ነው።

የግሪን ዴይን «ዱኪ» (1994 እ.ኤ.አ.) ዓይነት የፖፕ ፓንክ አልበም በዚህ ሁኔታ ሲሰማ የጸናጽሉ ንዝረት ይጠራ ይሆናል። ጊታሩ ግን በአብዛኛው ጮክ ብሎ እንዲሄድ የተሠራ ነው። ከ1990ዎቹ እ.ኤ.አ. መጨረሻ ወዲህ በተባባሰው ድምፅ የማጉላት ፉክክር ማስተሪንግ (የመጨረሻው የድምፅ ማስተካከያ) ላይ የተጨፈለቀን ዘፈን ደግሞ የቢት ብዛት አያቃናውም።

በአሊ ቢራ ሥራ ላይ ጉዳዩ ይከብዳል። ድሬዳዋ ተወልዶ፣ በ1960ዎቹ እ.ኤ.አ. መጀመሪያ በአፍረን ቀሎ ባንድ ገና በልጅነቱ መዝፈን የጀመረው በ2022 እ.ኤ.አ. ያረፈው የዚህ ድምፃዊ ሥራ ለረጅም ዘመን ከቤት ቤት የገባው በአብዛኛው በካሴት ነው። የካሴት ክር በሰከንድ 4.76 ሴንቲ ሜትር ብቻ ይጓዛል። ከካሴት ወደ ካሴት በተገለበጠ ቁጥር «ሽ» የሚለው ድምፅ ይጨምራል፤ ቀጭኑ ድምፅ ይደክማል። በዘፈኖቹ ውስጥ ያለውን ኡድ፣ ባለክሩን የሙዚቃ መሣሪያ፣ ልብ ብላችሁ ስሙት፦ መምቻው የመሣሪያውን ክር የሚነካባት ቅጽበት፣ ከዜማው ቀድማ የምትመጣዋ ጠቅታ፣ በመገልበጥ መጀመሪያ የምትጠፋው እሷ ናት። አራተኛ ቅጂን በ96,000 መቅዳት የሚያስገኘው የ«ሽ»ታውን ታማኝ ምስል ነው።

ድምፁን ለማጽዳት ተብሎ የሚደረገውን ደግሞ አጥብቄ እቃወማለሁ። «ሽ»ታውና ጠቅታዋ የሚኖሩት በአንድ የድምፅ ክልል ውስጥ ስለሆነ አንዱን የሚጠርግ ሶፍትዌር ሌላዋንም ይዞ ይሄዳል። ክሩን የሚያነበው ሄድ ትንሽ ዘንበል ካለም ቀጭኑ ድምፅ ይታፈናል፤ ይህ መታረም ያለበት ካሴቱ እየተጫወተ ሳለ ነው፣ በኋላ ኮምፒውተር ላይ በወጉ አይመለስም።

ለማኅደር የሚሆነው ቅጂ 24 ቢት መሆኑን እደግፋለሁ፤ ለቀጂው የመጠን መፈናፈኛ ይሰጠዋል። ከአልበሙ ጋር ግን ከስንተኛ ቅጂ እንደተወሰደ፣ በምን ማጫወቻ እንደተነበበና ምን እንደተነካካ ይጻፍ። ፍለጋውም አይዘግይ፦ ሙቀት በተጠቀለለ ክር ላይ ከአንዱ ዙር ወደ ሌላው የሚሻገረውን ድምፅ ያበረታዋል፣ ዘፈኑ ሳይጀምር የራሱ ጥላ ቀድሞ ይሰማል። በድሬዳዋ የሳቢያንና የመጋላ ሰፈሮች ቤቶች ቁም ሣጥን ውስጥ የተቀመጡ ካሴቶች ይህን ሙቀት በየዓመቱ ይቀምሱታል።