በድምፅ የቆመ ዓለም፦ የሬዲዮ ድራማና የእንሴኖ ሰው አንደበት

መጋረጃ ሳይገለጥ፣ መብራት ሳይበራ፣ ተዋናይ በዓይን ሳይታይ አንድ አገር በአድማጭ ሕሊና ውስጥ ሊቆም ይችላል። የሬዲዮ ድራማና የሬዲዮ ትረካ ጥበብ ይኸው ነው። ይህ አገር መሬት የለውም፤ ድንበሩም ሕጉም ድምፅ ብቻ ነው። ስለዚህም በቀላሉ ይናዳል። አንድ ሐሰተኛ ድምፅ በገባበት ቅጽበት አድማጩ ከተመሰጠበት ዓለም ወጥቶ ራሱን ከሬዲዮው ፊት ተቀምጦ ያገኘዋል። እንግዲህ ያን ዓለም ሳይናድ የሚያቆመው ምስጢር ምንድን ነው?

ለአገራችን ከያኒያን ቅርብ የሆነው ምሳሌ የወጋየሁ ንጋቱ ትረካ ነው። ሐዲስ ዓለማየሁ በ1958 ዓ.ም. ያሳተሙት «ፍቅር እስከ መቃብር» በወጋየሁ ድምፅ በኢትዮጵያ ሬዲዮ በተተረከ ጊዜ፣ መጽሐፉን ያላነበበውና ፊደል ያልቆጠረው ሕዝብ ጭምር በፊታውራሪ መሸሻ ግቢ ገብቶ ወጥቷል። የተረከው አንድ ሰው ነው፤ ይሁን እንጂ የፊታውራሪው ቁጣ ከጉዱ ካሣ ምጸት፣ የበዛብህ ቃል ከሰብለ ወንጌል ቃል አይምታታም። ድምፅን መለዋወጥ ብቻውን ይህን አያስገኝም፤ ተራ ቀልደኛም ድምፅ ይለዋውጣል። ወጋየሁ ለእያንዳንዱ ሰው ድምፁን ከነክብሩ ሰጥቶ እስከ መጨረሻው ጠበቀለት። ዓለሙ ሳይናድ የዘለቀው በዚህ ታማኝነት ነው።

ከውጭው ዓለምም አንድ ምሳሌ እንጥቀስ። የዌልሱ ባለቅኔ ዲላን ቶማስ «የድምፆች ተውኔት» ብሎ የሰየመውን «አንደር ሚልክ ውድ» ቢቢሲ ያስተላለፈው እ.ኤ.አ. በ1954፣ ደራሲው በሞተ በጥቂት ወራት ውስጥ ነበር። በካርታ ላይ የሌለች አንዲት የባሕር ጠረፍ መንደር ከሌሊት እስከ ሌሊት በነዋሪዎቿ ድምፅ ብቻ ስትኖር እንሰማለን። ባለቅኔው የጻፈው በእንግሊዝኛ ነው፤ የንግግሩ ምት ግን የዌልስ ነው። ሰዎቹ ያሥቃሉ፤ ሆኖም አንደበት እንደሌላቸው ሆነው አይቀርቡም።

ድምፅ ዓለም እንደሚያቆም የጉራጌ ሕዝብ ከሬዲዮ በፊት ያውቀው ነበር። በምዕራብ ጉራጌ «ሙየት» ወደሚባለው የልጃገረዶች ማኅበር የገቡ ሴቶች ሌላው የማይሰማው የምስጢር ቋንቋ ነበራቸው። ቮልፍ ሌስላው እ.ኤ.አ. በ1964 ስለ ኢትዮጵያ የምስጢር ቋንቋዎች ባሳተመው መጽሐፍ ይህንኑ መዝግቦታል። አገባቡ የጉራጊኛ ሆኖ ቃላቱ ይለወጣሉ። በመንደሩ መካከል፣ በሰው ሁሉ ፊት፣ ለማኅበርተኞቹ ብቻ የተከፈተ ሌላ ዓለም ይቆም ነበር። የሚቆመውም ሁሉም ለቃሉ ሥርዓት ሲታመኑ ነው።

ይህን ይዘን ወደ ምሥራቁ የጉራጌ ምድር እንሻገርና በቡታጅራ አቅራቢያ ያለችውን እንሴኖን እናድምጥ። በዚያ አካባቢ መስቃንኛ፣ ስልጥኛ፣ ማረቆኛና አማርኛ ይገናኛሉ። መስቃንኛና ስልጥኛ ሴማውያን ሲሆኑ ማረቆኛ ኩሻዊ ነው፤ ስልጥኛ አናባቢን በማርዘምና በማሳጠር የቃልን ፍች ይለያል። ጆሮ ላለው ደራሲ ይህ ሀብት ነው። በብዙ የአማርኛ ቀልድና ድራማ ግን ለዚህ ሁሉ ሕዝብ የተመደበለት አንድ ድምፅ ብቻ ነው፤ እርሱም አማርኛ የሚሰብር፣ ከገንዘብ በቀር ሌላ ነገር የማያወራ የነጋዴ ወይም የሊስትሮ ድምፅ ነው።

ይህ ልማድ የሚጎዳው የሕዝብን ክብር ብቻ ሳይሆን የተውኔቱን ዓለም ጭምር ነው። አንድ የእንሴኖ ተወላጅ አዲስ አበባ ውስጥ ከደንበኛው ጋር ሲነጋገር አማርኛው ቢሰበር እውነት ሊሆን ይችላል፤ ሁለተኛ ቋንቋው ነውና። ማታ ግን ከእናቱ ጋር በአፍ መፍቻ ቋንቋው ሲጨዋወት የሚሰናከልበት ምክንያት የለም። በዚያ ቤት እርሱ ባለተረት ነው፤ ይከራከራል፣ ያጽናናል፣ ይመርቃል። ደራሲው ይህን ጨዋታ ለአማርኛ አድማጭ ሲያቀርበው በጠራና በተባ አማርኛ ሊጽፈው ይገባል። በቤትም በገበያም አንዱን የተሰበረ ድምፅ ካሰማ ግን ሰውየው በገዛ ቋንቋው ዲዳ ሆነ ማለት ነው። የእንሴኖ አድማጭም ሬዲዮውን እየሰማ «ይህ የእኛ ቤት አይደለም» ይላል። ዓለሙም በዚያው ይናዳል።

ለዛ የሌለው ድራማ ማን ያደምጣል የሚል ጥያቄ ሊነሣ ይችላል። ሣቅ ይወገድ አላልንም። ሣቅ ከሰው ጠባይና ከገጠመው ነገር ሲመነጭ ይዘልቃል፤ ከአነጋገር እንከን ብቻ ሲለቀም ግን ሁለተኛ ጊዜ ሲሰማ ይነጥፋል።

ስለዚህ ደራሲያን ገጸ ባሕርያቸው በየትኛው ቋንቋ፣ ከማን ጋር እንደሚናገር ከመጻፋቸው በፊት ይወስኑ። አዘጋጆች የአካባቢውን ተወላጅ ተዋንያን ይፈልጉ። መምህራንም ተማሪዎቻቸው የአያቶቻቸውን ጨዋታ እየቀረጹ ምቱን እንዲያጠኑ ያበረታቱ። ድራማው ከመተላለፉ በፊት በእንሴኖ ሰዎች ፊት ይነበብ፤ እነርሱ ቤታቸውን ካወቁት፣ ያላየውም አድማጭ አምኖ ይገባበታል።