የጠላት ልቅሶ በአቴና መድረክ

መጽሐፈ አስቴርን ሰብካችሁ ከሆነ በምዕራፍ 1 እና በምዕራፍ 2 መካከል ያለውን የዘመን ክፍተት ሳታስተውሉ አልቀራችሁም። ታላቁ ግብዣ የተደረገው ንጉሡ በነገሠ በ3ኛው ዓመት ነው፤ አስቴር ወደ እርሱ የገባችው ግን በ7ኛው ነው። የቀደመው ትርጉም አርጤክስስ፣ አዲሱ መደበኛ ትርጉም ደግሞ ጠረክሲስ የሚለው ይህ ንጉሥ፣ ብዙ ሊቃውንት እንደሚስማሙበት፣ በዚያ መካከል በግሪኮች ላይ የዘመተው ነው። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ480 አቴናን አቃጠለ፤ በዚያው ዓመት መርከቦቹ በሳላሚስ ተሰባበሩ።

ከ8 ዓመት በኋላ አይስኪሎስ የተባለ ባለቅኔ «ፋርሶች» የተሰኘውን ተውኔት በዚያችው በተቃጠለችው ከተማ አቀረበ። ደራሲው ራሱ በማራቶን የተዋጋ፣ ወንድሙንም በዚያ ያጣ ሰው ነበር። በሳላሚስ የቀዘፉት በአብዛኛው ድኾች ዜጎች ስለ ነበሩ፣ ከተመልካቾቹ ብዙዎቹ ጦርነቱን በዓይናቸው ያዩ ናቸው። መድረኩ ግን ሱሳን እንጂ አቴናን አያሳይም። የንጉሡ እናት ትጨነቃለች፤ መልእክተኛው የወደቁትን የፋርስ አለቆች በየስማቸው ይጠራል። ከግሪኮች ወገን ግን አንድ ጀግና እንኳ በስሙ አይጠራም።

በስብከታችን ግሪኮች ወይ የቃል ፍቺ ማስረጃ፣ ወይ የከንቱ ፍልስፍና ምሳሌ ሆነው ይቀራሉ። እዚህ ግን በአመድ መካከል ተቀምጠው የጠላት እናት ስታዝን የሚመለከቱ ሰዎችን እናገኛለን።

አንዳንድ ሐያስያን ተውኔቱ ርኅራኄ ሳይሆን ፌዝ ነው ይላሉ። ማስረጃም አላቸው፤ ንጉሡ ልብሱ ተቀዳዶ ሲገባ አቴናዊው ደስ ሳይለው አይቀርም። ለእኔ ግን ዋናው ድካም ሌላ ነው። ከመቃብር የተጠራው የዳርዮስ መንፈስ የውድቀቱ ምክንያት ትዕቢት እንደ ሆነ ይናገራል፦ ባሕሩን በድልድይ ማሰር፣ ቤተ መቅደሶችን ማቃጠል። ፍርዱ ትክክል ነው። ነገር ግን ትዕቢት ከሱሳ አይወጣም። ተመልካቹ አልቅሶ፣ ለተውኔቱም አንደኛ ሽልማት ሰጥቶ፣ ሳይነካ ወደ ቤቱ ይሄዳል።

ከዚያ በኋላ የሆነውን ታሪክ ይነግረናል። አቴና ፋርስን ለመከላከል የተመሠረተውን የከተሞች ኅብረት ወደ ገዛ ግዛቷ ለወጠችው። በ416 ሜሎስ የተባለችውን ደሴት በያዘች ጊዜ አዋቂ ወንዶችን ገደለች፤ ሴቶችንና ሕፃናትን ለባርነት ሸጠች። ለዚህ ተውኔቱን ተጠያቂ ማድረግ አይቻልም። ሆኖም ስለ ትዕቢት በሚገባ የተማረ ሕዝብ ትምህርቱን የሌላ ሰው አድርጎ ሊያስቀረው እንደሚችል እናያለን።

አሁን ነቢዩ አሞጽን አስቡ። እርሱም ከጠላት ይጀምራል፦ ደማስቆ፣ ጋዛ፣ ጢሮስ፣ ኤዶም፣ አሞን፣ ሞዓብ። አድማጩ በየፍርዱ ራሱን እየነቀነቀ ሳለ ቃሉ ወደ ይሁዳ ይዞራል፤ በመጨረሻም እስራኤል ላይ ያርፋል። አይስኪሎስ ለጠላት ማዘንን አስተምሯል፤ ይህም ትንሽ ነገር አይደለም። አሞጽ ግን አድማጩን ለንስሓ ያቆመዋል።

ስለዚህ ሐማን የተሰቀለበትን ምዕራፍ ስትሰብኩ የጉባኤውን ዕልልታ ብቻ አትስሙ። ጉባኤው በልቡ ማንን በሐማን ቦታ እንዳስቀመጠ ጠይቁ፤ የትኛውን ጎረቤት፣ የትኛውን ወገን? ከዚያም እንደ አሞጽ አንድ እርምጃ ቀጥሉ፤ ቃሉ ወደ እኛ፣ አስቀድሞም ወደ ሰባኪው ይምጣ።