የቧንቧ አፍ እንዴት ይመዘናል?

መርካቶ ላይ ባለ 6 ሜትር የብረት ቧንቧ የሚገዛ ሰው በልኩ አስቆርጦ፣ ጥርስ አስወጥቶ ይሄዳል። ብዙው ገዢ የሚጠይቀው ውፍረቱንና ዋጋውን ነው። እኔ ግን አስቀድመው አፉን ይመልከቱ እላለሁ። መገጣጠሚያው ውስጥ ከገባ በኋላ ማንም አያየውምና የሠራተኛው ሙያ የሚለየው እዚያ ነው።

ከውጭ ያማረ ቁርጥ አያታልልዎ። መጋዝ የሚተወው ሸካራ ጠርዝ በዓይን ይታያል። ቧንቧውን እየዞረ የሚቆርጠው ክብ ስለት ግን ውጩን አለስልሶ ብረቱን ወደ ውስጥ ስለሚገፋው አፉ ላይ ከንፈር ይቀራል። የግማሽ ኢንች ቧንቧ የውስጥ ስፋት 16 ሚሊ ሜትር ገደማ ነው፤ ዙሪያውን 1 ሚሊ ሜትር ከንፈር ከቀረ የውሃው መንገድ በሩብ ያህል ይጠባል። ውሃ በፈረቃ በሚደርስበት ሰፈር ደግሞ ነገሩ ይብሳል። መስመሩ ደርቆ ውሃው ሲመለስ ያነሳው ዝገትና አሸዋ ከንፈሩ ላይ ይያዛል። የውሃ ማጠራቀሚያው ሮቶ ከቧንቧው በ3 ሜትር ብቻ ከፍ ካለ ግፊቱ 0.3 ባር ገደማ ነው፤ በየመገጣጠሚያው የሚገታው ነገር ካለ ውሃው ቀጥኖ ይወርዳል።

ለመመዘን እንጨት ጫፍ ላይ ጥጥ ጠቅልለው የአፉን ውስጥ ያዙሩት። ጥጡ ከተያዘ ሥራው አላለቀም። በጣት አይሞክሩት፣ ይቆርጣል። ቀጥሎ ስኳድራ ያስጠጉ፤ አፉ ከጎኑ ጋር ቀጥ ያለ ማዕዘን መሥራት አለበት። ከልክ በላይ መሞረድም ጉድለት ነው፦ ጠርዙ እንደ ምላጭ ከሳሳ ጥርሱ የሚይዝበት ብረት ይጎድላል። ደህና ሠራተኛ ከንፈሩን ብቻ አንስቶ ይተዋል።

ጥርሱን ሲያዩ የመጀመሪያው ዙር ያልተሰበረ፣ ከብረት ፍቅፋቂና ከዘይት የጸዳ ይሁን። ጥርሱ ላይ የሚጠቀለለው ቃጫ የተጎዳ ጥርስን አያድንም።

የፕላስቲኩ ፒፒአርም ከዚህ አያመልጥም። የ20 ሚሊ ሜትር ቧንቧ በ260 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ለ5 ሰከንድ ግሎ፣ 14 ሚሊ ሜትር ገብቶ ይጣበቃል። በመጋዝ ተቆርጦ ፍቅፋቂው ካልተጠረገ፣ ወይም አፉ ዘንበል ካለ፣ መጣበቂያው በአንድ ጎን ይሳሳል።

ስለዚህ ሠራተኛው ቧንቧውን ከሞርሳው ሳያወጣ፣ ጥርስም ሳይጀምር፣ «ውስጡን ይሞርዱልኝ» ይበሉ። ሳይነገረው ሞረዱን ያነሳ ካገኙ ግን የቤትዎን መስመር በሙሉ ለእሱ ይስጡ፤ ግድግዳ ውስጥ የሚቀበር ሥራ የሚታመነው እንዲህ ላለ እጅ ነው።